ኩዌት ያልሄድኩበት ዓመት

ባለፈው ሳምንት ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ ለመውጣት የተሳፈርኩበት ሚኒባስ ማደያ ሰልፍ ገብቶ ሁለት ሰዓት ያህል ቆመ። ሰልፉ ማደያውን አልፎ፣ ጎማ ጠጋኙን አልፎ፣ ፓፓያ የሚሸጡት ሴቶች ዘንድ ደርሷል። የኮምቦልቻ ሙቀት በርትቶ ስለነበር ሁላችንም ወርደን የዛፍ ጥላ ያዝን። ሾፌሩ ይቅርታ እንደመጠየቅ አድርጎ፣ "ከባሕር ማዶ፣ ነዳጅ ካለበት አገር ጦርነት ተነሥቷል፤ መርከቡ ዘግይቷል እያሉ ነው" አለን። አንድ ጎረምሳ ከስልኩ ቀና ሳይል፣ "እነሱ ሲዋጉ እኛ ምን ቤት ነን?" አለ።

እኔ መልስ ነበረኝ፤ ግን በሰልፍ ላይ ተነግሮ የሚያልቅ አልነበረም። ከሴቶቹ ፓፓያ ገዝቼ እየበላሁ ተራችንን ጠበቅኩ። ቤቴ ከገባሁ በኋላ ግን ነገሩ አልለቀቀኝም።

አሜሪካ ኢራቅ የገባችበት ዓመት የሃያ ዓመት ልጅ ነበርኩ። ቤታችን ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ የሚባል ሠፈር ነበር። አባቴ ነዳጅ የሚጭን ቦቴ ሾፌር ነው። ልጅ ሳለሁ ከአሰብ ሲመለስ ኮምቦልቻ ላይ ስለሚያድር በሳምንት አንድ ቀን እናየው ነበር። ከኤርትራ ጋር ጦርነት ተነሥቶ የአሰብ መንገድ ሲዘጋ ግን ቦቴዎቹ ፊታቸውን ወደ ጅቡቲ አዞሩ፤ ብዙዎቹም ወደ እኛ ሳይወጡ በአዋሽ በኩል አድርገው ያልፉ ጀመር። ኮምቦልቻ ውስጥ በሾፌር ይኖሩ የነበሩ ምግብ ቤቶችና አልጋ ቤቶች አንድ በአንድ ተዘጉ። አባቴም ለእኛ በወር አንዴ የሚመጣ እንግዳ ሆነ። ከእኔ በታች ሦስት ልጆች ነበሩ፤ ሁሉም ተማሪዎች።

አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ዩኒቨርሲቲ የሚያስገባ ነጥብ ስላላመጣሁ፣ ከጓደኛዬ ከዘሃራ ጋር የልብስ ስፌት ተማርን። ዘሃራ የሐጂ ሰዒድ ልጅ ናት። ሐጂ ሰኞ ገበያ ሱቅ ከፍተው ጨርቅ ይሸጣሉ፤ አያታቸው ከየመን መጥተው ደሴ የቀሩ ነጋዴ ነበሩ። እኛ ጴንጤዎች ነን፣ እነሱ እስላሞች ናቸው፤ ግን ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አንድ ዴስክ ላይ ስለተቀመጥን ሃይማኖታችን የሚለየን በዓል ሲመጣ ብቻ ነበር፤ ያን ቀንም የምንለያየው ምግብ ለመላላክ ነው።

ዘሃራ ኩዌት ለመሥራት ከእኔ በፊት ሄደች። ምክራችን አንድ ነበር። እሷ ቀድማ ትገባለች፣ እኔ እከተላለሁ፣ በየአርቡ እንገናኛለን፣ አራት ዓመት ሠርተን እንመለስና የጋራ ስፌት ቤት እንከፍታለን። የእኔ ቪዛ እስኪመጣ ሐጂ ሱቃቸው ውስጥ ዐረብኛ ያስተምሩኝ ጀመር። ገበያ ሲቀዘቅዝ ቅርንፉድ ያለበት ሻይ ይዘን እንቀመጣለን፤ እሳቸው ይላሉ፣ እኔ እደግማለሁ። ዳቦ፣ ውሃ፣ መጥረጊያ፣ ብረት ምጣድ። አንድ ቀን፣ "ሐጂ፣ እርስዎ የሚያስተምሩኝ ሁሉ የወጥ ቤት ነው" ብላቸው ትንሽ አሰቡና፣ "እውነትሽን ነው። 'ደክሞኛል' የሚለውንም ልንገርሽ፤ እሱን ማወቅ አለብሽ" አሉኝ።

ቪዛዬ የመጣው የበልግ ዝናብ ደሴ ላይ በጀመረበት ሰሞን ነበር። የዚያን ጊዜ ጦርነት ይነሣል የሚባለው ወሬ ወራት አስቆጥሯል። አባቴ ከጅቡቲ ሲመጣ፣ "ወደቡ ላይ ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለ መርከብ ኢንሹራንስ ነው፤ ጨምሯል። ጥይት ሳይተኮስ ነዳጁ ተወደደ" ብሎን ነበር። እውነትም ላምባ ጨመረ፤ ላምባ ሲጨምር እናቴ ቡታጋዙን ጥግ አስቀምጣ ወደ ከሰል ተመለሰች። የኮምቦልቻ ታክሲም ጨመረ። እኔ ግን ይህ ሁሉ የሽማግሌዎች ጉዳይ መስሎኝ ነበር። ለእኔ ጦርነት ማለት ኢራቅ ነው፤ የምሄደው ደግሞ ኩዌት።

ከመሄዴ በፊት በነበረው እሑድ ቤተ ክርስቲያን ሽኝት ተደረገልኝ። ከመዘምራን አንዷ ስለነበርኩ ጓደኞቼ ከፊት አቁመው ዘመሩልኝ፤ ሽማግሌዎቹ እጅ ጭነው ጸለዩልኝ። ከዚያ ስጦታ ተሰጠኝ። ዚፕ ያለው መጽሐፍ ቅዱስ፣ አንድ ፌስታል በሶ፣ ሦስት ሳሙና። የእናቴ ወዳጅ እትዬ አልማዝ ደግሞ በእጃቸው የሠሩትን ወፍራም የሱፍ ሹራብ አመጡልኝ። ዕድሜያቸውን በሙሉ ደሴ ስለኖሩ ብርድ የሌለበት አገር አለ ብሎ ማሰብ ሳይከብዳቸው አልቀረም። እንዳላሳዝናቸው ብዬ ከሻንጣዬ ከላይ አደረግኩት።

ሐሙስ ጠዋት ከአባቴ ጋር አዲስ አበባ በሚሄደው አውቶቡስ ተሳፈርን። እናቴ መናኸሪያ ድረስ መጥታ ነበር፤ አላለቀሰችም፤ ብቻ የጃኬቴን እጅጌ እየደጋገመች ታስተካክል ነበር። የሐረጎን ቁልቁለት ስንወርድ ጆሮዬ ድፍን አለ። ሐርቡ ላይ ፀሐዩ ወጣ። አባቴ ሙሉውን መንገድ ብዙም አልተናገረም። ሾፌር ሆኖ ሌላ ሰው በሚነዳው መኪና መሄድ ስለማይመቸው ነው ብዬ አሰብኩ፤ እግሩ በየጠመዝማዛው ፍሬን ይፈልጋል።

ደብረ ሲና ለምሳ ወርደን ሽሮ እየበላን ሳለ የምግብ ቤቱ ባለቤት የሬዲዮኑን ድምፅ ከፍ አደረገ። ባግዳድ ከንጋት ጀምሮ እየተደበደበች ነበር። አባቴ የያዘውን ጉርሻ መልሶ ሳህኑ ላይ አኖረው።

"ይኼ አንቺ ከምትሄጂበት በመኪና ስንት ሰዓት ነው?" አለኝ።

"አላውቅም" አልኩ። እውነቴን ነው፤ ካርታ አይቼ አላውቅም ነበር።

ተነሥቶ ሄዶ ባለቤቱን ጠየቀው፤ እሱም አያውቅም። ከሌላ ገበታ አንድ ሰውዬ፣ "ድንበርተኛ ናቸው። ወታደሮቹ የሚገቡት በኩዌት በኩል ነው" አለ። አባቴ ተመልሶ ተቀመጠና ምግቡን ሳይነካ የእኔን መብላት ያይ ጀመር።

አዲስ አበባ የኤጀንሲው ሰውዬ በረራው መሰረዙን ነገረን። መቼ እንደሚከፈት ስንጠይቀው፣ "ጦርነቱን ያስነሣሁት እኔ አይደለሁም፤ በምን አውቃለሁ?" አለን፤ በክፋት ሳይሆን ደክሞት። ቢሮው እንደኔ ባሉ ልጆች ተሞልቶ ነበር። ሁሉም ሻንጣ ይዘዋል። አንዷ ከሐይቅ የመጣች ልጅ ወለሉ ላይ ቁጭ ብላ ታለቅስ ነበር፤ እኔ ለምን እንዳላለቀስኩ አላውቅም። ዘመድ ቤት ሁለት ቀን ቆይተን ስንመለስ ጣርማበር ተራራ ላይ ጉም ወርዶ አውቶቡሱ በረዶ ቤት ሆነ። ሹራቡን አውጥቼ ለበስኩ። አባቴ ከላይ እስከ ታች አየኝና፣ "እትዬ አልማዝ ያየችው ራእይ ነበር" አለ። ከደሴ ከወጣን ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቅን።

ሳቁ ግን ቧንቧ ውሃ ስንደርስ አለቀ። ያ ሁሉ ሰው የሸኘኝ፣ የተጸለየልኝ እኔ በአራተኛው ቀን ሻንጣዬን ይዤ ከታክሲ ወረድኩ። የሠፈሩ ልጆች፣ "ምሕረት ከኩዌት መጣች" እያሉ ከኋላዬ ሮጡ። ስጦታዎቹን ልመልስ ብዬ ነበር፤ በሶው ግን አዲስ አበባ ተበልቶ አልቋል። አንድ ሳምንት ከቤት አልወጣሁም። በስምንተኛው ቀን እናቴ፣ "ሰው ቤት ሞት ሲገባ እንኳ ከዚህ ባነሰ ቀን ይወጣል። ሄደሽ ሐጂን ጠይቂ፤ እሳቸው ልጃቸው እዚያ ናት" አለችኝ። አፈርኩ። ስለ ራሴ ሳዝን ዘሃራን ረስቻት ነበር።

የሐጂ ሱቅ በሰው ተሞልቶ አገኘሁት። የሚገዛ ሰው አልነበረም። ሐጂ የዐረብኛ ሬዲዮ እየሰሙ ይተረጉማሉ፤ ነጋዴው፣ ተሸካሚው፣ የመስጊዱ ሰው ሁሉ ጆሮውን ሰጥቷል። እኔን ሲያዩ ከጎናቸው በርጩማ ሳቡልኝ። "አብሽሪ ልጄ። መቅረትሽ ለደግ ነው" አሉኝ። ዘሃራ ከደወለች አሥራ አንድ ቀን ሆኗታል። ኩዌት ላይ ሮኬት ወድቋል መባሉን ሰምተዋል፤ ለሚስታቸው ግን አልነገሩም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ጠዋት ጠዋት እዚያ እሄድ ነበር። የተማርኩት የወጥ ቤት ዐረብኛ ለሬዲዮ ባይበቃም አንዳንድ ቃል እይዛለሁ። ሱቁ ውስጥ ክርክሩ ይጋጋላል። መንግሥታችን ከአሜሪካ ጎን መቆሙ የተሰማ ዕለት ሁለት ደንበኞች እስኪኳረፉ ተነጋገሩ፤ አንዱ ከዚያ ወዲያ ሱቁን አልረገጠም። ሐጂ ግን ሁሉም እስኪወጣ ጠብቀው ለእኔ ሌላ ነገር ነገሩኝ።

"አሕመድ የሚባል ወንድም ነበረኝ፤ የአባቴ ልጅ" አሉ። "ጅዳ ውስጥ የሽቶ ሱቅ ነበረው። ሃያ ዓመት የለፋበት ነው። የፊተኛው የኩዌት ጦርነት ሲነሣ የየመን መንግሥት ሳዑዲዎችን የማያስደስት ቃል ተናገረ። አሕመድ የየመን ወረቀት ነበረው። ሱቁን በሳምንት ውስጥ በማይሆን ዋጋ ጥሎ እንዲወጣ ተነገረው። ሰንዓ ገብቶ ድንኳን ውስጥ ተቀመጠ። እኔ ጋ ና ብዬው መጣ፤ እዚህ፣ አንቺ የተቀመጥሽበት ላይ ተቀምጦ ከረመ። ሱቁን ሳይሆን የሚያስበው ያንን ቃል ነበር። 'እኔ ምን ብያለሁ?' ይለኛል በየቀኑ። እዚሁ ሞተ፣ አላህ ይዘንለት።"

"አሁንም እንደዚያ ይሆናል ብለው ይፈራሉ?" አልኳቸው።

"በዚህ ዙር የእኛ መንግሥት የተናገረው ለኩዌቶቹ የሚመች ነው፤ ዘሃራን የሚያባርር የለም። ተመስገን እላለሁ። ግን ሌላ ቢናገር ኖሮስ? እዚህ ወንበር ላይ የተቀመጠ ሰው ይናገራል፤ እዚያ ሳህን የምታጥብ ልጅ ትከፍላለች። ወላሂ፣ ይኼ ነው እንቅልፍ የሚነሣኝ።"

ዘሃራ ከደወለች በአሥራ ሰባተኛው ቀን ረፋድ ላይ የሱቁ ስልክ ጮኸ። ሐጂ አንስተው፣ "ዘሃራ?" አሉ። አንዱ ተነሥቶ ሬዲዮኑን ዘጋው። ከዚያ የጠየቁት የመጀመሪያ ነገር፣ "በልተሻል?" የሚል ነበር። ለረጅም ጊዜ ካዳመጧትና የእኛንም ወሬ ከነገሯት በኋላ መነጽራቸውን አውልቀው ስልኩን ለእኔ ሰጡኝ።

"የቤቱ ሰዎች ጦርነቱ ሳይጀመር ሄደዋል" አለችኝ ዘሃራ። ድምጿ የሩቅ ሰው ድምፅ ነው። "ሕንዳዊቷ ምግብ አብሳይና እኔ ብቻ ነን ቤቱን የምንጠብቀው። መርዝ ጋዝ እንዳይገባ መስኮቱን ሁሉ በላስቲክ ለጥፈነዋል። የአደጋው ጩኸት ሲመጣ አንድ ክፍል ገብተን እሷ የሷን ትጸልያለች፣ እኔ የኔን። ቤቱ ውስጥ አሥራ ሁለት ክፍል አለ ምሕረት፤ እኛ ግን ዕቃ ቤት ውስጥ ነን።"

"እኔኮ ሻንጣዬን ይዤ ተመለስኩ" አልኳት፤ ምን እንደምላት ጠፍቶኝ።

ሳቀች። "አባቴ አሁን ነገረኝ። በሶሽንም በልተሽዋል አሉ።" ያን ቀን ሐጂ ለሱቁ ሰው ሁሉ ፈቲራና ሻይ አዘዙ።

ፋሲካ አልፎ የሬዲዮው ወሬ እየቀነሰ ሲሄድ የሐጂ ገበያ አልተመለሰም። ላምባና መጓጓዣ የጨመረበት ሰው አዲስ ጨርቅ አይገዛም፤ ያለውን ያድሳል። አንድ ቀን አንዲት ሴትዮ የባሏን የነተበ ኮት ይዛ መጥታ፣ "ውስጡን ወደ ውጭ አዙሮ የሚገለብጥልኝ አላገኘሁም" ስትል ሐጂ ወደ እኔ ዞሩ። "አንቺ ኮት መገልበጥ ተምረሻል?" አሉኝ። ተምሬአለሁ። ከጓዳ የዘሃራን የስፌት መኪና አውጥተው በረንዳው ላይ አኖሩት። በዚያን ጊዜ በሰኞ ገበያ በረንዳዎች ላይ መኪና የሚረግጡት ወንዶች ብቻ ነበሩ፤ አላፊ አግዳሚው ቆሞ ያየኝ ነበር። የመጀመሪያውን ኮት የደረት ኪሱን በስህተት በቀኝ በኩል ሰፋሁት። ሴትዮዋ አየችውና፣ "ግራኝ ስለሆነ ደግ አደረግሽ" አለችኝ። እስከ ዛሬ እውነቷን ይሁን አዝናልኝ አላውቅም።

ሥራው ከዚያ በኋላ አልጠፋም። አንገትጌ እገለብጣለሁ፣ ጉልበት እለጥፋለሁ፣ ከትልቁ ልጅ ለትንሹ አሳጥራለሁ። ሱቁ ውስጥ ጨርቁ አቧራ ሲጠጣ በረንዳው ላይ ሰው ይሰለፋል። ማታ ወደ ቤት ስሄድ ለታናናሾቼ ሐላዋ እገዛለሁ። ደስ ይለኝ ነበር። የደስታዬ ምንጭ የሰው ሁሉ እጅ ማጠሩ መሆኑን የተረዳሁት ቆይቼ ነው።

ሰኔ ላይ የኤጀንሲው ሰውዬ ደወለ። በረራ ተከፍቷል፤ በአሥር ቀን ውስጥ ካልሄድኩ ቪዛው ለሌላ ይሰጣል። አባቴ ያን ሰሞን እቤት ነበር። በዝናቡ ምክንያት የቤታችን በረንዳ ላይ ቆመን ሳለ ምን ላድርግ ብዬ ጠየቅኩት።

"እኔ አልወስንልሽም" አለ። "ግን አንድ ነገር ልንገርሽ። ያን ዕለት አውቶቡሱ ሲነሣ የጸለይኩት እንዳትሄጂ ነው። ሰው ሁሉ በሰላም ያድርስሽ ሲል እኔ በልቤ መልስልኝ እል ነበር። ደብረ ሲና ላይ ያንን ወሬ ስሰማ ደስታ ልቤን ጠቅ አደረገው። ለአፍታ ነው። ከዚያ ግን ስንት ሰው ልጁን እየቀበረ ነው ብዬ አሰብኩና ምግቡ አልወርድ አለኝ። እስከ ዛሬ ስለዚያ ጉዳይ ጌታን ምን እንደምለው አላውቅም።"

አባቴ እንዲህ ረዝሞ ሲናገር ሰምቼው አላውቅም። በማግስቱ ሐጂ ሱቅ ሄጄ ዘሃራ የምትደውልበትን ቀን ጠበቅኩ። ስትደውል በቀጥታ ነገርኳት።

"አልመጣም ዘሃራ።"

መስመሩ የተቆረጠ መስሎኝ ስሟን ጠራሁ።

"አለሁ" አለች። "ሰዎቹ ተመልሰዋል። ላስቲኩን ሁሉ አንስቻለሁ። አርብ አርብ የት እንደምወስድሽ እንኳ አስቤ ነበር።" ከዚያ ወሬውን ቀየረች። "መኪናዬ ላይ ነው የምትሠሪው አሉ።"

"አዎ። ከፈለግሽ እተወዋለሁ።"

"አትተይው። ዘይት ቀቢው ብቻ፤ ያለዚያ ይነክሳል። ደሞ ግራውን እግር በጣም አትርገጪ፤ አውቅሻለሁ።"

ያን ቀን በረንዳው ላይ ምንም አልሰፋሁም። ሐጂም አልጠየቁኝም።

ዘሃራ ስድስት ዓመት ሠርታ ተመለሰች። በላከችው ሁለት ወንድሞቿ ተማሩ፣ የሐጂም ሱቅ እንደገና ጨርቅ ሞላበት። አሁን ኮምቦልቻ አግብታ ትኖራለች፤ ባለፈው ሳምንት የወረድኩትም እሷን ልጠይቅ ነበር። የጋራ ስፌት ቤት አልከፈትንም። እሷ መስፋት እርም ብላለች። በር ድንገት ሲዘጋ ዛሬም ደንግጣ ትነሣለች፤ ልጆቿ ስለሚያውቁ በሩን በእጃቸው ደግፈው ይዘጋሉ። እኔ ያን ጊዜ አብሬያት ብሆን ኖሮ ያ ዕቃ ቤት ይቀላት ነበር ወይ ብዬ አንዴ ጠይቄያት፣ "ሦስት ሆነን አንበቃም ነበር" ብላ አለፈችው።

እኔ በሕይወቴ ደስተኛ ሰው ነኝ። አሁን የራሴ ስፌት ቤት አለኝ፤ ሦስት ወጣቶች ተቀጥረው አብረውኝ ይሠራሉ፣ ቤቴም ከሥራዬ ሩቅ አይደለም። ይህን ሁሉ የሰጠኝ ጌታ ነው ብዬ በቤተ ክርስቲያን እመሰክራለሁ፤ ግን ምስክርነቴ ላይ ያን ጦርነት እንዴት እንደማስገባው ስላላወቅኩ ሁልጊዜ እዘልለዋለሁ። ለእኔ መልካም ሆነ ብል፣ ባግዳድ ያለች እንደ እናቴ ያለች ሴት ብትሰማኝ ምን ትለኛለች? አልሆነም ብል ደግሞ እዋሻለሁ።

ትናንት አንዲት የሃያ ዓመት ልጅ ለመንገድ የሚሆን ቀሚስ ልታሰፋ መጣች። የምትሄደው ወደ ኩዌት ነው። እናቷ ከኋላዋ ቆማለች። ልጅቷ ትከሻዋን ስለካ፣ "እርስዎ ቢሆኑ ይሄዱ ነበር?" አለችኝ። ስለ እኔ ምንም የምታውቀው የለም፤ እንዲሁ ነው የጠየቀችኝ።

"በረራው ከተሰረዘብሽ እንዳታፍሪ" አልኳት። "ከሄድሽም ከሌላው ዐረብኛ ሁሉ 'ደክሞኛል' ማለትን ቀድመሽ ተማሪ።"

እናቷ ቀና ብላ አየችኝ። የቀሚሱን ጎን ስቀድ በሁለቱም በኩል ሁለት ሁለት ጣት ትርፍ ጨርቅ ተውኩ፤ ብትወፍርም፣ ቀርታ ለእህቷ ብትሰጠውም እንዲሆን።